ሃቲ ማክዳንኤል፦ ሽርጥ ታጥቃ የራሷን ቤት ያቆመች ተዋናይት



ከእኛ መካከል በሰው ቤት ያልሠራች፣ የሰው ልጅ ያላሳደገች ወይም የሆቴል አልጋ ያላነጠፈች ጥቂት ናት። ሥራው እንጀራችን ነው፤ ልጆቻችንን ያስተማርንበት፣ አገር ቤት ያሉትን የጦርንበት ነው። ይሁን እንጂ ስሙ ሲነሣ አንገታችንን እንድንደፋ የሚፈልግ ሰው አይጠፋም። በዚህ እትም የሃቲ ማክዳንኤልን ሕይወት ልናካፍላችሁ የመረጥነው ለዚህ ነው። ሃቲ የሠራተኛ ሽርጥ ታጥቃ ዓለም ያወቃት ጥቁር አሜሪካዊት ተዋናይ ነበረች። ዓመቶቹ ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ሃቲ በ1890ዎቹ በካንሳስ ግዛት፣ በዊቺታ ከተማ ተወለደች። ለወላጆቿ 13ኛና የመጨረሻ ልጅ ነበረች። አባቷ ሄንሪም እናቷ ሱዛንም የተወለዱት በባርነት ነው። አባቷ በአሜሪካ የእርስ በርስ ጦርነት ከሰሜኑ ጦር ጋር ተሰልፎ ተዋግቷል፤ እዚያ የደረሰበት ጉዳት ዕድሜውን ሙሉ አልለቀቀውም፤ የጡረታ አበሉን ለማግኘትም ብዙ ዓመት ደጅ ጠንቷል። እናቷ በሰው ቤት እየሠራች ቤቱን ትደጉም ነበር። ቤተሰቡ ኋላ ወደ ኮሎራዶ ተዛወረ፤ ሃቲም ያደገችው በዴንቨር ነው።

ቤታቸው ድሀ ቢሆንም ዘፈንና ጨዋታ አያጣውም ነበር። ወንድሞቿ ኦቲስና ሳም፣ እኅቷም ኤታ፣ ሁሉም ለመድረክ የተፈጠሩ ነበሩ። በ1910ዎቹ ሃቲና ኤታ ሴቶች ብቻ ያሉበት የትርኢት ቡድን አቋቋሙ። ሃቲ ግጥምና ዜማ ትደርሳለች፣ ትዘፍናለች፣ ሰው ታስቃለች። በ1920ዎቹ ከሙዚቃ ባንድ ጋር ከከተማ ከተማ ዞረች፣ በዴንቨር ሬዲዮ ዘፈነች፣ የራሷን የብሉዝ ዘፈኖችም በሸክላ አስቀረጸች። የመድረክ ሥራ ሲጠፋ ግን የሰው ቤት ምግብ ማብሰልና ልብስ ማጠብ አልቀረላትም።

በ1929 የአሜሪካ ኢኮኖሚ ሲወድቅ የትርኢት ቡድኖችም ተበተኑ። ሃቲ ሚልዋኪ ከተማ ላይ ያለ ሥራ ቀረች። ያገኘችው ሥራ በአንድ የምሽት ክበብ የሴቶች መታጠቢያ ክፍል እንግዶችን ማስተናገድ ነበር። በኋላ መድረክ ላይ ወጥታ እንድትዘፍን ተፈቀደላት፤ ዘፈነች፤ ከዚያም የቤቱ ዘፋኝ ሆነች።

በ1931 ወደ ሎስ አንጀለስ ሄደች። ሳምና ኤታ ቀድመዋት እዚያ ነበሩ፤ ሳም በሚሠራበት የሬዲዮ ዝግጅት ቦታ አስገኘላት። አድማጭ ወደዳት። ክፍያው ግን ለቤት ኪራይ እንኳ የማይበቃ ስለነበር፣ ድምፅዋ በየቤቱ እየተሰማ እሷ በሰው ቤት ተቀጥራ ትሠራ ነበር።

ፊልም ውስጥ የገባችውም በዚያው ሽርጥ ነው። በዚያ ዘመን ሆሊውድ ለጥቁር ሴት የሚሰጠው ቦታ ወጥ ቤት፣ ሠራተኛ ወይም ሞግዚት መሆን ብቻ ነበር። ሃቲ በጠባቧ ቦታ ውስጥ ጥበቧን አሳየችበት። በ1935 በወጣው «አሊስ አዳምስ» ውስጥ ለአንድ ማታ የተቀጠረች አስተናጋጅ ሆና ትታያለች። ባለቤቶቹ የሌላቸውን ሀብት ለእንግዳ ለማሳየት ይጣደፋሉ፤ እሷ ማስቲካዋን እያኘከች፣ እግሯን እየጎተተች ሳህኑን ታቀርባለች። ከቤቱ ሰዎች ይልቅ ተመልካቹ የሚያስታውሰው እሷን ነው። በ1936 ደግሞ በ«ሾው ቦት» ከታላቁ ዘፋኝ ከፖል ሮብሰን ጋር ተጫወተች።

ከሁሉ በላይ ስሟን ያስጠራው በ1939 የወጣው «ጎን ዊዝ ዘ ዊንድ» ነው። መጽሐፉን ነቢይ መኮንን በእስር ቤት ሆኖ በሲጋራ ፓኮ ወረቀት ላይ ተርጉሞ «ነገም ሌላ ቀን ነው» በሚል ርዕስ ስላቀረበልን ብዙዎቻችን ታሪኩን እናውቀዋለን። ሃቲ የተጫወተችው ስካርሌትን የምታሳድገውን፣ የምትቆጣውንና የምትመክረውን ማሚን ነው። ፊልሙ በታኅሣሥ ወር 1939 በአትላንታ ሲመረቅ ግን ጥቁርና ነጭ በአንድ ላይ እንዳይቀመጡ የሚከለክለው የጆርጂያ ሕግ ስለነበር ሃቲ በምርቃቱ ላይ አልተገኘችም።

የካቲት 29 ቀን 1940 በሎስ አንጀለስ አምባሳደር ሆቴል የኦስካር ሽልማት ተሰጠ። ከተወዳዳሪዎቿ አንዷ በዚያው ፊልም የተጫወተችው ኦሊቪያ ደ ሃቪላንድ ነበረች። የምርጥ ረዳት ተዋናይትነቱን ሽልማት ሃቲ አገኘች፤ ኦስካር በማሸነፍ የመጀመሪያዋ ጥቁር ሰው ሆነች። ሆቴሉ ጥቁር እንግዳ አይቀበልም ነበርና እንድትገባ የፊልሙ አዘጋጅ ማስፈቀድ ነበረበት። የተቀመጠችውም ከፊልም ባልደረቦቿ ጋር ሳይሆን ግድግዳ ጥግ በተዘጋጀ ትንሽ ጠረጴዛ ነው። ሌላ ጥቁር ሴት፣ ውፒ ጎልድበርግ፣ ኦስካር እስክትወስድ ድረስ 51 ዓመት አልፏል።

ከሽልማቱ በኋላም የመጣላት ያው ሽርጥ ነበር። በዚህ ላይ ከገዛ ወገኗ ወቀሳ መጣ። ለጥቁሮች መብት የሚታገለው የኤንኤኤሲፒ መሪ ዋልተር ኋይት በ1940ዎቹ መጀመሪያ ሆሊውድ ድረስ መጥቶ፣ ጥቁሮች ሁልጊዜ አገልጋይ ሆነው መታየታቸው ይብቃ ሲል ተከራከረ። ሃቲና ጓደኞቿ ደግሞ ለዓመታት ደክመው ያገኙት እንጀራ ሊዘጋባቸው መሆኑን አይተው ተቆጡ። ሁለቱም ወገን እውነት ነበረው። እኛ ነገሩን ስንመዝነው፣ ጥፋቱ ሠራተኛ በፊልም መታየቷ አይመስለንም። ሠራተኛ ስትታይ የራሷ ሕይወት የሌላት መምሰሏ ነው። ማሚ በፊልሙ ውስጥ የራሷ ቤት የላትም፤ ከማሚ በቀር የምትጠራበት ስም እንኳ የላትም።

ሃቲ ግን ቤት ነበራት። በ1942 ሹገር ሂል በሚባለው የሎስ አንጀለስ ሰፈር ትልቅ ቤት ገዛች። ተዋናይት ሉዊዝ ቢቨርስን የመሳሰሉ ሌሎች ጥቁሮችም በአካባቢው ገዝተው ነበር። በሰፈሩ ይዞታ ላይ ቤቶቹ በጥቁሮች እንዳይያዙ የሚከለክል ውል ነበረበት፤ አንዳንድ ነጭ ጎረቤቶች ይህን ይዘው ከሰሱ። ቢፈረድባቸው በገንዘባቸው ከገዙት ቤት ሊወጡ ነው። ሃቲ ብቻዋን አልተሟገተችም። ጎረቤቶቿን ቅዳሜ ቅዳሜ በቤቷ እየሰበሰበች መከሩ፤ ሎረን ሚለር የሚባል ጥቁር ጠበቃ ቆመላቸው። በታኅሣሥ 1945 ዳኛው እንዲህ ያለ ውል ሕገ መንግሥቱ ለዜጎች ሁሉ ከሰጠው እኩልነት ጋር አይሄድም ብሎ ፈረደላቸው። ከሦስት ዓመት በኋላ፣ በ1948፣ የአሜሪካ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ፍርድ ቤቶች እንዲህ ያለውን ውል እንዳያስፈጽሙ በመላ አገሪቱ ከለከለ።

በ1947 «ቢዩላ» የተባለው የሬዲዮ ድራማ መሪ ተዋናይ ሆነች። ቢዩላ ጥቁር የቤት ሠራተኛ ናት፤ ከዚያ በፊት ግን በድምፅዋ ይጫወት የነበረው ነጭ ወንድ ነው! ሃቲ ሥራውን የተቀበለችው በውል ነው፦ ጥቁርን ለማላገጥ በሚጻፈው የተሰባበረ አነጋገር ላትናገር፣ ያልወደደችውንም ጽሑፍ ልታስለውጥ። ክፍያዋ በሳምንት 1,000 ዶላር ነበር። ዝግጅቱ ወደ ቴሌቪዥን ሲሻገር መጀመሪያ ኤተል ዋተርስ ተጫወተችው፤ በ1951 ሃቲ ተተካች። ጥቂት ክፍሎች እንደተቀረጹ ግን ታመመች፤ ቦታውን የሹገር ሂል ጎረቤቷ ሉዊዝ ቢቨርስ ያዘችው።

ሃቲ በጡት ካንሰር ጥቅምት 26 ቀን 1952 ዐረፈች። ልጅ አልነበራትም። በሆሊውድ መካነ መቃብር ለመቀበር ተናዛ ነበር፤ ቦታው ጥቁር አይቀበልም ተብሎ በሮዝዴል ተቀበረች። በሆሊውዱ መካነ መቃብር የመታሰቢያ ሐውልት የቆመላት በ1999 ነው።

የኦስካር ሽልማቷን የተናዘዘችው ለሃዋርድ ዩኒቨርሲቲ ነበር፤ በዋሽንግተን ያለን እኅቶች ከዩ ስትሪት ወጣ ስንል የምናልፈው ትምህርት ቤት ነው። በዚያ ዘመን ለረዳት ተዋንያን የሚሰጠው እንደ ዛሬው ምስል ሳይሆን ትንሽ ሰሌዳ ነበር። ያ ሰሌዳ ከዩኒቨርሲቲው ጠፋ፤ የት እንደገባም አልታወቀም። በ2023 የኦስካር አካዳሚ ምትኩን ሠርቶ ለዩኒቨርሲቲው አስረከበ። ከተናዘዘች ከ70 ዓመት በኋላ ኑዛዜዋ ዳግመኛ ተፈጸመ ማለት ነው።

እኅቶች፣ ከዚህች ሴት ሕይወት ለኛ የሚሆነን ብዙ ነው። ስትቀጠር ውሏን በጽሑፍ አደረገች። ያገኘችውን ገንዘብ ቤት ገዛችበት። ቤቷ ሲነካ ጎረቤት ሰብስባ፣ ጠበቃ አቁማ ተሟገተች። ሽርጡ የሥራ ልብሷ ነበር፤ ማታ ስትፈታው የምትገባበት የራሷ ደጅ ነበራት።

ስለዚህ ለሚቀጥለው እትም አባሎቻችን የየራሳቸውን የሥራ ታሪክ እንዲጽፉልን እንጋብዛለን፤ የትና ምን እንደሠራችሁ፣ በዚያ ገንዘብ ምን እንዳቆማችሁ። መጻፍ ለማይመቻት እኛ እየሰማን እንጽፍላታለን። የምትፈቅድ ሁሉ ከነስሟ ትጻፍ፤ ማሚ ያላገኘችው እሱን ነውና።