የዱካ ዳኦስታ ምስጢር

ቁስቋም ወጥቶ ከእቴጌ ምንትዋብ ፍርስራሽ ግንብ አጠገብ ቁልቁል ጎንደርን ያየ ሰው፣ ጣሊያን በምሥራቅ አፍሪካ የመጨረሻ ምሽጉን ለምን እዚህ እንዳደረገ ለመገመት አይቸገርም፡፡ ከተማይቱ ተራራ ታጥቃለች፡፡ ጄኔራል ናሲ ንጉሠ ነገሥቱ አዲስ አበባ ከገቡ በኋላ እንኳ ከስድስት ወር በላይ እዚሁ ቆይቶ እጁን የሰጠው ኅዳር 18 ቀን 1934 ዓ.ም. ነው፡፡ እኔ ግን ዛሬ ላነሳው የፈለግሁት ናሲን ሳይሆን አለቃውን ነው፤ ዱካ ዳኦስታ የሚባለውን፣ ከባዶሊዮና ከግራዚያኒ ቀጥሎ የመጣውን ሦስተኛውን እንደራሴ፡፡

አማዴዎ ዲ ሳቮያ በ1898 እ.ኤ.አ. በቶሪኖ ከተማ ተወለደ፡፡ አባቱ የንጉሥ ቪቶሪዮ ኢማኑኤል የአጎት ልጅ፣ እናቱ ከፈረንሳይ ነገሥታት ዘር ነበረች፡፡ ከልጅነት ትምህርቱ የተወሰነውን የተማረው እንግሊዝ አገር ነው፡፡ በአንደኛው የዓለም ጦርነት ገና በጉርምስናው መድፈኛ ሆኖ ዘመተ፡፡ ከጦርነቱ በኋላ ያደረገው ነገር ደግሞ የልዑል ወግ አይመስልም፤ ቤልጅግ ኮንጎ ሄዶ ማንነቱን ደብቆ በሳሙና ፋብሪካ ተቀጥሮ ሠራ፡፡ ወደ አገሩ ተመልሶ በ1924 እ.ኤ.አ. ከፓሌርሞ ዩኒቨርሲቲ በሕግ ተመረቀ፡፡ እንግዲህ የሙያ ባልደረባዬ ነው ማለት ነው፤ ደስ ባይለኝም፡፡ ኋላም አብራሪ ሆኖ ሊቢያ ውስጥ ዘመተ፡፡

አገራችን የገባው በ1930 ዓ.ም. የመጀመሪያዎቹ ወራት ነው፡፡ የየካቲት 12 እና የደብረ ሊባኖስ ደም ገና አልደረቀም ነበርና፣ ረጅሙና ትሑቱ መስፍን ከግራዚያኒ ጋር ሲነጻጸር ለዘብ ያለ መሰለ፡፡ ብዙ ጸሐፊዎች ጨዋነቱን ያወሳሉ፡፡ ጨዋነቱን አልክድም፡፡ ይሁን እንጂ በሚያዝያ 1931 ዓ.ም. መንዝ ውስጥ ዘረት በተባለው ዋሻ የተጠለሉ አርበኞችና ቤተሰቦቻቸው በመርዝ ጋዝ የተጨፈጨፉት በእሱ እንደራሴነት ዘመን ነው፡፡ የመርዝ ጋዝን የሚከለክለውን የ1925ቱን የጄኔቫ ፕሮቶኮል ኢጣሊያ በ1928 አጽድቃው ነበር፡፡ በሕግ የተመረቀ ሰው ይህን አላውቅም ሊል አይችልም፡፡

ሰኔ 1932 ዓ.ም. ኢጣሊያ ጦርነቱ ውስጥ ስትገባ እንደራሴው ከሮማ ተቆረጠ፡፡ ስዊዝ ተዘጋ፤ አርበኛው ሽቦ ይበጥሳል፡፡ የቀረው መገናኛ በአብዛኛው ሬዲዮ ነው፡፡ ሬዲዮ ደግሞ ጠላትም ይሰማዋል፡፡ ስለዚህ ሁሉም ነገር በምስጢር ቁጥር መጻፍ ነበረበት፡፡

አሠራሩን ባጭሩ ልንገራችሁ፡፡ የኮድ መጽሐፍ ለእያንዳንዱ ቃል ቁጥር ይሰጠዋል፤ ለምሳሌ ሻለቃ የሚለው ቃል 4127 ነው እንበል፡፡ ላኪው ይህን ብቻ አይልክም፡፡ ከሌላ ሰንጠረዥ 3568ን ወስዶ በእጅ የሚያዝ ቁጥር ሳይኖር ይደምረዋል፤ 7685 ይሆናል፡፡ ተቀባዩ ያንኑ ሰንጠረዥ ይዞ ይቀንሳል፡፡ ሰንጠረዡ አንዴ ብቻ ቢሠራበት ለጠላት እጅግ ከባድ ነው፡፡ ችግሩ አንዱ ገጽ ደጋግሞ ሲሠራበት ነው፡፡ በአንድ ገጽ የተጻፉ ሁለት መልእክቶች ሲቀናነሱ ሰንጠረዡ ይጠፋና የሁለቱ ቃላት ልዩነት ብቻ ይቀራል፤ ትዕግሥት ያለው ሰው ከዚያ ወዲያ ይገባል፡፡ በባሕርና በምድር ለተከበበ ጦር አዲስ መጽሐፍ በየጊዜው ማድረስ ደግሞ ቀላል አልነበረም፡፡

ትዕግሥቱ ያላቸው ሰዎች ብሌችሊ በተባለ የእንግሊዝ መንደር፣ ካይሮና ናይሮቢ ተቀምጠዋል፡፡ ብሌችሊ የገቡት ብዙዎቹ ከካምብሪጅና ከኦክስፎርድ የመጡ የሒሳብና የጥንት ቋንቋ መምህራንና ተማሪዎች ነበሩ፡፡ ዝነኛው አላን ቱሪንግም ከዚያው ነው፤ የእሱ ድካም ግን በዋናነት በጀርመን ባሕር ኃይል ላይ ነበርና የእኛን ጦርነት ለእሱ አንስጠው፡፡ ከኅዳር 1933 ዓ.ም. ገደማ ጀምሮ እንግሊዞች የእንደራሴውንና የአየር ኃይሉን መልእክት በብዛት ያነቡ ጀመር፡፡ ጣሊያን ከሰላን ሊለቅ መሆኑን ቀድመው ስላወቁ ጄኔራል ፕላት ማጥቃቱን አስቀድሞ ጥር 11 ቀን ዘመተ፡፡ የጥምቀት ዕለት መሆኑ ነው፡፡ በማግስቱ፣ በቃና ዘገሊላ፣ ንጉሠ ነገሥቱ በኦሜድላ በኩል ድንበር ተሻገሩ፡፡

እዚህ ላይ አንድ ነገር ጣልቃ ላስገባ፡፡ ኦጉስት ኬርክሆፍስ የተባለ የቋንቋ መምህር በ1883 እ.ኤ.አ. ፓሪስ ላይ እንደጻፈው፣ የምስጢር ጽሑፍ ደኅንነት መቆም ያለበት በቁልፉ ላይ እንጂ አሠራሩን በመደበቅ ላይ አይደለም፡፡ ዛሬ ክሪፕቶግራፊን የሚያስተምር ዩኒቨርሲቲ ሁሉ ከዚህ ይነሳል፡፡ እዚሁ ጎንደር ዩኒቨርሲቲ ኮምፒዩተር ሳይንስ የሚማሩ ልጆች አሉ፤ የኮምፒዩተር ደኅንነትም የትምህርታቸው አካል ነው፡፡ የኤሌክትሮኒክ ፊርማ አዋጅ ቁጥር 1072/2010 ወጥቶ በዲጂታል ቁልፍ የተፈረመ ሰነድ በሕግ ዕውቅና አግኝቷል፡፡ የኮምፒዩተር ወንጀል አዋጅ ቁጥር 958/2008 ደግሞ ያለ ፈቃድ የሌላ ሰው ሥርዓት ውስጥ መግባትን ይቀጣል፤ መቅጣቱም ተገቢ ነው፡፡ ነገር ግን ሰብሮ ማየት ያልተማረ ልጅ የማይሰበር ቁልፍ ይሠራል ብሎ መጠበቅ ዘበት ነው፡፡ መሥሪያ ቤቶቻችን ለመምህራንና ለተማሪዎች በጽሑፍ ፈቃድ እየሰጡ ሥርዓቶቻቸውን ቢያስፈትሹ፣ ሕጉም አይጣስ፣ እነሱም አይጎዱ፡፡ ጉድለቱን ጠላት ከሚነግራቸው የገዛ ተማሪያቸው ቢነግራቸው አይሻልም?

ወደ ዱካው ልመለስ፡፡ ከረን ወደቀች፤ አዲስ አበባም ተለቀቀች፡፡ እሱ አምባ አላጌ ላይ መሸገ፡፡ ከደቡብ የእንግሊዝና የአርበኞች ጦር፣ ከሰሜን ሌላ ጦር ተጫነው፡፡ ግንቦት 11 ቀን 1933 ዓ.ም. ወታደራዊ ክብሩ ተጠብቆለት እጁን ሰጠ፡፡ ኬንያ በምርኮ ተይዞ ሳለ በሳንባ ነቀርሳና በወባ ታሞ የካቲት 24 ቀን 1934 ዓ.ም. ናይሮቢ ውስጥ ሞተ፡፡ ዕድሜው 43 ነበር፡፡ መቃብሩ ኒየሪ፣ ከገዛ ወታደሮቹ አጠገብ ነው፡፡

እንግሊዞች የብሌችሊን ነገር ለዓመታት አፍነው ያዙት፡፡ ወሬው በሰፊው የተሰማው በ1974 እ.ኤ.አ. ነው፡፡ የምሥራቅ አፍሪካውን ክፍል የያዘው የእንግሊዝ የስለላ ይፋ ታሪክ የመጀመሪያ ቅጽ የወጣው ደግሞ በ1979፣ ዱካው በሞተ በ37ኛው ዓመት ነው፡፡ የጎንደሩ ናሲ ረጅም ዕድሜ ኖሯል፤ እሱም ቢሆን በ1971 ስለሞተ ሳያነበው ቀረ፡፡