ካሜራ ፊት የቆመው ቀልደኛ

ዳኒ ኬይን የሚያስታውሱ አንባቢያን የሚያውቁት በሆሊውድ ኮሜዲያንነቱ ይሆናል። እኔ ዛሬ የማነሳው ግን በአንዲት አጭር ዘጋቢ ፊልም ምክንያት ነው።

እ.ኤ.አ. በ1911 በኒውዮርክ፣ ብሩክሊን፣ ከዩክሬን ከተሰደዱ አይሁዳውያን ተወለደ። አባቱ ልብስ ሰፊ ነበር። ትምህርቱን አቋርጦ በየመዝናኛው እየዘፈነና እያሳቀ በ1940ዎቹ ዝናን አገኘ።

ዩኒሴፍ ያን ጊዜ ገና ጨቅላ ነው። በ1946 ለጦርነት ተጎጂ ሕፃናት በጊዜያዊነት ተቋቁሞ፣ ቋሚነቱ የተረጋገጠለት በ1953 ነበር። ገንዘቡ ከበጎ ፈቃድ ስለሚመጣ፣ የማያውቀው ሕዝብ ሊሰጠው አይችልም። ዳይሬክተሩ ሞሪስ ፔት ኬይን ያገኙት አትላንቲክን በሚያቋርጥ አውሮፕላን ላይ ነው። ትውውቁ ፍሬ አፍርቶ ኬይ በ1954 የድርጅቱ የመጀመሪያ አምባሳደር ሆነ። ደመወዝ የሌለው ሹመት መሆኑ ነው!

በእስያ ዞሮ የተቀረጸበት «አሳይንመንት ቺልድረን» በ1955 በፓራማውንት አማካይነት ለሕዝብ ቀረበ። ዩኒሴፍ ከ100 ሚሊዮን በላይ ሰው እንዳየው ይገምታል። ኬይ የልጆቹን ቋንቋ አይችልም፤ ፊቱን እያጣመመ፣ እየዘፈነ ያስቃቸዋል። «ያውስ» የተባለው ሕመም ቆዳቸውን ያቆሰላቸው ሕፃናት ይታያሉ፤ በሽታው በፔኒሲሊን መርፌ እንደሚድንም አብሮ ይታያል። ተመልካቹ ሰቆቃውን ብቻ ሳይሆን ገንዘቡ ምን እንደሚሠራ ጭምር ያያል ማለት ነው።

ነገሩ የሚያንገበግበኝ ያለ ምክንያት አይደለም። የእኛ ሕፃናት በ1977 ዓ.ም. ረሀብ ለዓለም ቴሌቪዥን የቀረቡት ዝንብ የወረረው ፊት ሆነው ነበር። ዕርዳታ መጣ፣ ነፍስም ተረፈ፤ ይህን አልክድም። ምስሉ ግን ከአርባ ዓመት በኋላም አልለቀቀንም። በሕግ ዓይን ሳየው ደግሞ ጥያቄው አንድ ነው፦ ለመቀረጽ ማን ፈቀደ? ይህ ጥያቄ የኬይንም ፊልም አይምርም። ያም ሆኖ የእሱ ልጆች ሲስቁም ታይተዋል፤ የእኛዎቹ ግን ያን ዕድል ብዙም አላገኙም።

ኬይ ከዚህ ሥራ እስከ ዕድሜው ፍጻሜ አልተለየም። አብራሪም ስለነበር ለዩኒሴፍ ገንዘብ ለማሰባሰብ በገዛ እጁ አውሮፕላን እየነዳ ከከተማ ከተማ ዞሯል። ዩኒሴፍ በ1965 የኖቤል የሰላም ሽልማት ሲቀበል እሱም ኦስሎ ተገኝቷል። በመጋቢት 1987 ሎስ አንጀለስ ውስጥ አረፈ። በዓመቱ፣ በመጋቢት 1988፣ ኦድሪ ሄፕበርን ለዚሁ ድርጅት የመጀመሪያ የመስክ ጉዞዋን አደረገች፤ የመጣችውም ወደ ኢትዮጵያ ነበር።