የሰዓሊው የመርቆሬዎስ ታሪክ

ፊደል ላልቈጠረ ሰው ሥዕል መጽሐፉ ነው። ማንበብ የሚችል ሰው ገድሉንና ተአምሩን ከብራና ላይ ያነባል፤ ማንበብ የማይችለው ግን የጌታን ልደትና ጥምቀት፥ ስቅለትና ትንሣኤ፥ የሰማዕታትንም ተጋድሎ በመቅደሱ ዙሪያ ተራ በተራ እያየ ታሪኩን ከመጀመሪያው እስከ ፍጻሜው ይረዳል። ስለዚህ በቤተ ክርስቲያን ዘንድ የሰዓሊ ሥራ ከጸሓፊ ሥራ አያንስም። ነገር ግን ጸሓፊው በመጽሐፉ መጨረሻ ስሙን ጽፎ የአንባቢን ጸሎት ይለምናል፤ ሰዓሊው ብዙ ጊዜ ስሙን ሳያስቀር ያልፋል።

የላስታ ሰው ይህን ነገር ከማንም ይልቅ ያውቃል። በላሊበላ የቤተ ማርያም ጣሪያና ቅስት በሥዕል ያጌጠ ነው፤ ከምዕራብ በሯም በላይ ፈረሰኞች በድንጋዩ ተቀርጸው ይታያሉ። በቤተ ጎልጎታም የቅዱሳን ምስል ከአለቱ ተፈልፍሎ ቆሟል። ከዚያም ብዙ ሳይርቅ በገነተ ማርያም፥ ከ1262 እስከ 1277 ዓ.ም. በነገሡት በዐፄ ይኵኖ አምላክ ዘመን የተሠራው ቤተ ክርስቲያን ግድግዳው በሥዕል የተሞላ ሲሆን የንጉሡም መልክ በዚያው ተሥሏል። ሥራው አለ፤ የሠሪዎቹ ስም ግን ከእነርሱ ጋራ አልፏል።

ስማቸው ከቀረልን ጥቂቶች አንዱ፥ ከባሕር ማዶ መጥቶ ዕድሜውን በዚህ አገር የፈጸመው፥ አባቱ ያወጣለት ስም ኒኮሎ ብራንካሌዮን የሆነው፥ የኢትዮጵያ ሰዎች ግን መርቆሬዎስ ብለው የጠሩት ሰዓሊ ነው። ይህም ሰው የቬኔስያ ተወላጅ ነበረ። ቬኔስያ በኢጣልያ በባሕር ላይ የተሠራች፥ በዚያ ዘመን በንግድ የበለጸገችና በሰዓሊዎቿ ስመ ጥር የሆነች ከተማ ናት።

ወደ ኢትዮጵያ በመጣበት ወራት በአገሩ ስለ ሥዕል የሚነገረው ነገር ቀላል አልነበረም። ከ1426 እስከ 1460 ዓ.ም. የነገሡት ዐፄ ዘርዐ ያዕቆብ የእመቤታችን ፍቅር በሕዝቡ ልብ እንዲጸና ብርቱ ትጋት አድርገው ነበር፤ የ33ቱ በዓላቷ መከበር፥ የተአምረ ማርያምም በቤተ ክርስቲያን መነበብ በእርሳቸው ትእዛዝ ጸና። በዚያው ዘመን ፍሬ ጽዮን የተባለው ኢትዮጵያዊ ሰዓሊ በጣና ደሴት በዳጋ እስጢፋኖስ የሚገኘውን ታላቅ የእመቤታችንን ሥዕል ሠራ። በሌላም ወገን ደቂቀ እስጢፋኖስ የተባሉት መነኮሳት ለሥዕል ስለ መስገድ ከንጉሡ ጋራ ተጣልተው ብዙ መከራ ተቀበሉ። እንግዲህ ሥዕል በዚያ ጊዜ የግድግዳ ጌጥ ብቻ አልነበረም፤ የሃይማኖት ነገር ነበረ፥ ደምም የፈሰሰበት ነበረ። ባዕዱ ሰዓሊ ብሩሹን ይዞ የገባው በእንዲህ ያለው ወራት ነው።

አመጣጡ ግን ለቤተ ክርስቲያን አገልግሎት ታስቦ አልነበረም። በ1475 ዓ.ም. ገደማ ከኢየሩሳሌም ወደ ኢትዮጵያ የተላኩ የፍራንሲስካውያን መልእክተኞች በንጉሡ ከተማ ብዙ ኢጣልያውያንን አገኙ። ፍራንቼስኮ ሱሪያኖ የተባለው መነኵሴ ስማቸውን በመጽሐፉ ሲዘረዝር ብራንካሌዮንን አብሮ ይቈጥራል፤ እነዚያም ሰዎች ወደዚህ አገር የገቡት ዕንቍና የከበረ ድንጋይ ፍለጋ እንደ ነበረ ይናገራል። ንጉሡ እንደየማዕርጋቸው ርስትና ቀለብ ሰጥተው አከበሯቸው፤ ነገር ግን ወደ አገራቸው እንዲመለሱ አልፈቀዱላቸውም፥ ስለዚህም ልባቸው አዝኖ ነበር። የኢትዮጵያ ነገሥታት ልማድ እንዲህ ነበረ፤ ብልኃትና እጅ ሥራ ያለው እንግዳ ከመጣ በክብር ይቀመጣል፥ መውጫው ግን አይከፈትለትም።

የከበረ ድንጋይ ሊወስድ የመጣው ሰው ግን የሰጠው ከወሰደው በዛ። ከ1470 እስከ 1486 ዓ.ም. በነገሡት በዐፄ እስክንድር፥ ቀጥሎም እስከ 1500 ዓ.ም. በነገሡት በዐፄ ናዖድ፥ ከዚያም በዐፄ ልብነ ድንግል ዘመን በዚሁ አገር ኖረ። የአገሩን ቋንቋ አጥርቶ ዐወቀ። በነገሥታቱ ቤት የተከበረ ባለ ማዕርግ ሆነ። በግድግዳ፥ በእንጨት ገበታና በብራና ላይ ሣለ። በጎጃም በዋፋ ኢየሱስ በተገኘው ሥራው ላይ ስሙን በላቲን ፊደል ጽፎ ትቷል።

ሥራውንም ስናይ ሁለት አገር ተጋብቶበታል። በአገሩ የተማረውን አልጣለም፤ የሚኖርበትንም አገር ሥርዐት አልናቀም። በኢትዮጵያ ቀድሞ ትንሣኤ ሲሣል ጌታ አዳምንና ሔዋንን እጃቸውን ይዞ ከሲኦል ሲያወጣ ይታይ ነበረ። መርቆሬዎስ ግን በአውሮፓ ሰዓሊዎች ዘንድ የተለመደውን፥ ጌታ የድል ዐላማ ይዞ ከመቃብር ሲነሣ የሚያሳየውን ሥዕል ጭምር አገባ። ሕፃኑ ጌታችን በእናቱ ክንድ ላይ ሆኖ ወፍ ይዞ የሚታይበትም ሥዕል በዚያ ዘመን ሥራዎች ይገኛል። የአገሩ ሰዓሊዎችም እያዩ ቀዱ፤ እየቀዱም ለገዛ ዐይናቸውና ለገዛ እጃቸው እንዲስማማ አድርገው ለወጡት።

ነገር ግን ሥራው ሁሉ ያለ ክርክር አልተቀበለም። ዐፄ በእደ ማርያም በአማራ ምድር፥ ዛሬ ደቡብ ወሎ በሚባለው አገር፥ አትሮንሰ ማርያም የተባለች ቤተ ክርስቲያን አሠርተው ነበር። በጎንደር ነገሥታት ዘመን ወደ ኢትዮጵያ የመጣው ስኮትላንዳዊው ጄምስ ብሩስ እንደ ጻፈው ብራንካሌዮን ለዚህች ቤተ ክርስቲያን እመቤታችንን ልጇን በግራ ክንዷ ታቅፋ ሣላት። ሕዝቡ ይህን ባየ ጊዜ ታወከ። ግራ በአገሩ ልማድ የተናቀ ወገን ነው፤ በግራ እጅ አይበላም፥ በግራ እጅ ለታላቅ ሰው አይሰጥም፤ በወንጌልም በመጨረሻው ቀን ፍየሎቹ የሚቆሙት በግራ ነው። እንግዲህ የዓለምን ጌታ በግራ ማስቀመጥ እንደ ንቀት ታየ። ነገሩ በርትቶ ወደ ሁከት ደረሰ፤ ንጉሡ ግን ሥዕሉን ወደውት ነበርና ከቤተ ክርስቲያኑ አልወጣም።

እነዚህን ሰዎች በቀላሉ መንቀፍ አይገባም። የተቈጡት ስለ ጌታቸው ክብር ነው። ለሥዕል ግድ የሌለው ሕዝብ በሥዕል አይቈጣም፤ ቍጣቸው ራሱ ሥዕሉን እንደ መጽሐፍ እንዳነበቡት ያስረዳል። ነገር ግን ያነበቡት አንዱን ወገን ብቻ ነው። በቅኔ ቤት ተማሪው ሰሙን ሰምቶ ወርቁን ሳይፈልግ ቢነሣ መምህሩ ይመልሰዋል፤ ሥዕልም እንዲሁ ነው። ልጁ በእናቱ ግራ ክንድ ላይ ሲቀመጥ እናቱ የምትገኘው በልጁ ቀኝ ነው። ነቢዩ ዳዊትም በመዝሙሩ ንግሥቲቱን በንጉሡ ቀኝ አቁሟታል። ስለዚህ ከእናቲቱ ወገን ሆኖ ያየ ሰው ግራን አየ፤ ከልጇ ወገን ሆኖ ያየ ሰው ግን ቀኝን ያያል። ክብሩም የሚቈጠረው ከልጁ ወገን ነው፤ እርስዋ የከበረችው በእርሱ ነውና። ደግሞም የግራ ክንድ ለልብ የቀረበ ነው፤ በቀኝ እጇ የምትሠራ እናት ሁሉ ልጇን የምትታቀፈው በዚሁ ነው።

ሰዓሊው ከሸመገለ በኋላ ያየውና ታሪኩን የጻፈለት ፍራንሲስኮ አልቫሬዝ የተባለው የፖርቱጋል ካህን ነው። አልቫሬዝ ከፖርቱጋል መልእክተኞች ጋራ በሚያዝያ ወር 1512 ዓ.ም. ምጥዋ ደርሶ እስከ 1518 ዓ.ም. በኢትዮጵያ ተቀመጠ። የላሊበላን አብያተ ክርስቲያናት አይቶ ለአውሮፓ ሰዎች በመጽሐፍ ያስታወቀው እርሱ ነው፤ የሚያነበው ሰው እንዳያምነው ፈርቶ የጻፈው እውነት እንደ ሆነ በእግዚአብሔር ስም ምሏል። ይኸው ካህን በዐፄ ልብነ ድንግል ከተማ መርቆሬዎስን አገኘው። ወደ 40 ዓመት በአገሩ እንደ ኖረ፥ ቋንቋውንም አጥርቶ እንደሚያውቅ፥ ሰዓሊ ሆኖ ሳለ የተከበረ ጌታ እንደ ነበረ ይመሰክርለታል። ይህ ቃል የሁለቱን አገር ልማድ ያሳያል፤ በአልቫሬዝ አገር ሰዓሊ በጌቶች መካከል መቀመጡ ያስደንቅ ነበርና።

አልቫሬዝ በአማራ ምድር ሲያልፍ ገነተ ጊዮርጊስ ወደ ተባለች ታላቅ ቤተ ክርስቲያን ገባ። ግድግዳዋ ሁሉ በታሪክ ሥዕል ተሞልቶ አገኘው፤ ሥዕሉም መልካምና መጠኑን የጠበቀ እንደ ነበረ ጽፏል። የሠራውም ብራንካሌዮን እንደ ሆነ፥ ስሙም በዚያው እንደ ተጻፈ፥ የአገሩ ሰዎች ግን መርቆሬዎስ እንደሚሉት ይናገራል። በአንድ ግድግዳ ላይ ሁለት ስም ተገናኘ፤ አንዱ የተወለደበት አገር ስም፥ አንዱ ያረጀበት አገር ስም።

ከጥቂት ዓመታት በኋላ ግን ይህ ሁሉ በእሳት ጠፋ። በ1524 ዓ.ም. የኢማም አሕመድ ኢብን ኢብራሂም ሠራዊት ወደ አማራ ምድር ገብቶ ነገሥታት ያሠሯቸውን አብያተ ክርስቲያናት አቃጠለ። ዐፄ ናዖድ አስጀምረው ዐፄ ልብነ ድንግል ያስፈጸሟት በወርቅ የተለበጠችው መካነ ሥላሴ ተቃጠለች። አትሮንሰ ማርያምም ተቃጠለች፤ ከኢማሙ ሠራዊት ጋራ የነበረው ጸሓፊ ዐረብ ፈቂህ ራሱ መነኮሳቱ ቤተ ክርስቲያናቸው ስትነድ አይተው ወደ እሳቱ እንደ ገቡ መስክሯል። ገነተ ጊዮርጊስም ከግድግዳዋ ሥዕል ጋራ ጠፋች። የሰዓሊው ረጅም ድካም በአንድ ወራት ዐመድ ሆነ።

ሆኖም ሥራው ፈጽሞ አልጠፋም። በግድግዳ የነበረው ነደደ፤ ካህናት በብራና ጠቅልለው፥ በጨርቅ ሸፍነው ያሸሹት ተረፈ። ከሁሉ ይልቅ ግን የተረፈው በተማሪ እጅ የገባው ነው። አንድ ሰዓሊ ያየውን ሲቀዳ፥ የእርሱንም ሌላው ሲቀዳ ሥዕሉ እሳት ወደማይደርስበት ስፍራ ይሄዳል።

ስለ ግራ ክንድም የተነሣው ክርክር ያለቀው በጉባኤ አይደለም፤ በጊዜ ነው። ከ1600 ዓ.ም. ገደማ ጀምሮ በሮም በቅድስት ማርያም ታላቅ ቤተ ክርስቲያን ያለው ጥንታዊ ሥዕል ቅጂ በኢየሱሳውያን እጅ ወደ ኢትዮጵያ ገባ። በዚያም ሥዕል እመቤታችን ልጇን በግራ ክንዷ ታቅፋ፥ እጆቿን አነባብራ፥ ሁለት ጣቶቿን ዘርግታ ትታያለች። የኢየሱሳውያንን ትምህርት ቤተ ክርስቲያናችን አልተቀበለችም፤ ብዙ ደም ከፈሰሰ በኋላ ዐፄ ሱስንዮስ በ1624 ዓ.ም. የቀደመችው ሃይማኖት እንድትመለስ ዐወጁ፥ ኢየሱሳውያንም በዐፄ ፋሲለደስ ዘመን ከአገር ወጡ። ሥዕሉ ግን ቀረ። የጎንደር ሰዓሊዎች በገዛ መልካቸው አድርገው ሣሉት፤ ከጎንደርም ወደ ትግሬ፥ ወደ ጎጃም፥ ወደ ሸዋ፥ ወደ ላስታ ሄደ። ዛሬ ምስለ ፍቁር ወልዳ ተብሎ በየመቅደሱ የሚሰቀለው፥ መብራት የሚበራለት፥ ዕጣን የሚታጠንለት ሥዕል አብዛኛው ይኸው ነው። የአትሮንሰ ማርያም ሰዎች ያዘኑበትን የልጅ ልጆቻቸው እንባቸውን እያፈሰሱ ተሳለሙት።

ከዚህ ታሪክ የሚገኘው ትምህርት ባዕድ ያመጣው ሁሉ ይቀበል የሚል አይደለም፤ ባዕድ ያመጣው ሁሉ ይጣል የሚልም አይደለም። አባቶች ትምህርቱን ከሥዕሉ ለይተው መረመሩ፤ የማይስማማውን መለሱ፥ የሚስማማውን አስቀርተው የራሳቸው አደረጉት። ይህንም ለማድረግ ዕውቀት አስፈለጋቸው፤ ትዕግሥትም አስፈለጋቸው።

ዛሬ በየቤተ ክርስቲያኑ ያረጀው የእንጨት ሥዕል ጢስ አጠቆረው፥ ቀለሙ ረገፈ እየተባለ ወደ ጓዳ ይጣላል፤ በስፍራውም በማኅተም ቤት የታተመ ብሩህ ወረቀት ይሰቀላል። የተጣለውም በሌባ እጅ ከአገር ይወጣል። የታተመው ወረቀት ቢቀደድ ነገ ሌላ ይገዛል፤ ያረጀው ገበታ ግን አንድ ጊዜ ከወጣ አይመለስም። ከጀርባው የሰዓሊው ስም ተጽፎበት እንደ ሆነም ሳይነበብ ይጠፋል። ስለዚህ ኢዮቤልዩውን የሚያከብር ሰበካ ከበዓሉ ጋራ ዕቃ ቤቱን ይክፈት፤ ሥዕሎቹን ይቍጠር፥ በመዝገብ ይጻፍ፥ ከዝናብና ከምስጥ ይጠብቅ። አባቶች ከእሳት አሽሽተው ያቈዩልን እኛ በቸልታ እንድናጠፋው አይደለምና። የሰዓሊዎቹን ስማቸው የታወቀውንም፥ ስማቸው የተረሳውንም እግዚአብሔር በመንግሥቱ ያስባቸው፤ አሜን።