ፈተና የወደቀው ተማሪ

መጽሔታችን በወጣች በሳምንቷ የቆሎ መጠቅለያ ትሆናለች እያሉ የሚቀልዱብን ጓደኞች አሉን። ቀልዱ እውነት ስላለበት አንቀየምም። ሆኖም ዛሬ ታሪኩን ባጭሩ የምንጽፍለት እንግሊዛዊ ደራሲ፣ ዓለም ያወቀለትን አሳብ መጀመሪያ የሞከረው እንዲህ ባለ የተማሪዎች መጽሔት ላይ ነበርና ቀልደኞቹ ጥቂት እንዲታገሡን እንለምናለን። የምንጠቅሳቸው ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ኸርበርት ጆርጅ ዌልስ በ1866 በለንደን አጠገብ በነበረችው በብሮምሊ ከተማ ተወለደ። አባቱ ትርፍ የማይገኝባት አነስተኛ ሱቅ ነበረችው፤ የቤቱን ጉድለት የሚደጉመው ክሪኬት ተጫውቶ በሚያገኘው ገንዘብ ነበር። ልጁ በ7 ዓመቱ እግሩ ተሰብሮ አልጋ ላይ በዋለ ጊዜ መጽሐፍ ስለቀረበለት ከንባብ ጋር ተወዳጀ። በኋላ ግን አባትየውም ጭኑ ተሰብሮ ገቢው ተቋረጠ። እናቱ በአንድ ባላባት ግቢ የቤት ሠራተኞች ኃላፊ ሆና ተቀጠረች፤ ልጁም ጨርቅ መሸጥ እንዲማር ለነጋዴ ተሰጠ። በቀን 13 ሰዓት ያህል መሥራቱን እንደ እስራት ቈጠረው። በ1883 ሥራውን ጥሎ ወጣና በሚድኸርስት ከተማ በአንድ ትምህርት ቤት ረዳት አስተማሪ ሆነ።

በ1884 ለንደን በሚገኘው የሳይንስ መምህራን ማሠልጠኛ የነፃ ትምህርት ዕድል አገኘ፤ ለኑሮውም በሳምንት 21 ሺሊንግ ተቈረጠለት። በመጀመሪያው ዓመት ያስተማረው የዳርዊን ጠበቃ የሚባለው ታላቁ ቶማስ ሃክስሊ ነበር። የሰው ልጅ ዛሬ የሠለጠነ ቢመስልም ነገ ተዋርዶ ሊጠፋ ይችላል የሚለው ሥጋት በዌልስ ልብ የተተከለው በዚያ ክፍል ነው።

የሃክስሊ ትምህርት ካበቃ በኋላ ግን የክፍሉ ትምህርት ሰለቸው። ልቡ ወደ ክርክር ክበብና ከጓደኞቹ ጋር ወደ መሠረተው የተማሪዎች መጽሔት አደላ። የዚህ ዋጋ በ1887 ተከፈለ፤ በሥነ ምድር ፈተና ወድቆ ያለ ዲግሪ ወጣ። በዌልስ አገር አስተማሪ ሆኖ ሳለ በእግር ኳስ ሜዳ ኩላሊቱ ተጐዳና ለረጅም ጊዜ ታመመ። ሥራ አጥቶ፣ ጤና አጥቶ በነበረበት በ1888 ያው የተማሪዎች መጽሔት በጊዜ ውስጥ ስለሚጓዝ ሰው የጻፈውን ያልበሰለ ታሪክ በተከታታይ አወጣለት። በ1890 የቀረውን ፈተና አልፎ ዲግሪውን ስላገኘ መውደቅ ያኮራል የሚል ወገን ዌልስን ምስክር ሊያደርግ አይችልም።

ያን ያልበሰለ ታሪክ ደጋግሞ እየጻፈ አሻሻለውና በ1895 «የጊዜ መኪና» በሚል ስም አሳተመው። በሩቁ ዘመን ሀብታሞቹ ደካማ ሕፃናት መስለው፣ ሠራተኞቹ ደግሞ ከምድር በታች አውሬ ሆነው፣ የሰው ዘር ለሁለት ተከፍሎ የሚታይበት መጽሐፍ ነው። ከምድር በታች የሚኖሩትን የፈጠረ ሰው የጨርቅ ሱቁን ኑሮ የረሳ አይመስለንም። በ1898 ባወጣው «የዓለማት ጦርነት» ደግሞ ከማርስ የመጡ ፍጡራን እንግሊዝን ሲወሩ አሳየ። በመጀመሪያው ምዕራፍ አውሮፓውያን በታስማኒያ ሕዝብ ላይ ያደረሱትን ጥፋት አንሥቶ፣ ወራሪው በኛ ቢጨክን ምን ያስደንቃል ሲል አንባቢውን ያፋጥጠዋል። በቅኝ ግዛት ዘመን ይህን ለገዢዎቹ ሕዝብ መጻፍ ቀላል ነገር አልነበረም።

ነገር ግን ሰውየውን ጻድቅ አናደርገውም። በ1901 ባሳተመው ስለ መጪው ዘመን በሚተነብይ መጽሐፉ፣ ለአዲሱ ሥልጣኔ የማይመቹ ጥቁርና ቢጫ ሕዝቦች ከምድር መወገድ ይገባቸዋል የሚል አሳፋሪ አሳብ ጽፏል። በ1905 የዘር ንቀትን ተቃወመ፤ በ1940ም ስለ ሰው ልጆች ሁሉ መብት መጽሐፍ አወጣ። የመጀመሪያው ቃል ግን ታትሟልና አልጠፋም።

በ1914 አቶሚክ ቦምብ የሚል ስም ፈጥሮ፣ ከተሞችን ሲያቃጥል በልብ ወለድ አሳየ። ሊዮ ዚላርድ የተባለ የሀንጋሪ ተወላጅ የፊዚክስ ሊቅ መጽሐፉን በ1932 አነበበ፤ በማግስቱም ዓመት የአቶም ኀይል እየተቀጣጠለ ሊለቀቅ የሚችልበትን መንገድ አሰበ። ነሐሴ 1945 ሂሮሺማ ስትቃጠል ዌልስ በሕይወት ነበር። ሊያስጠነቅቅበት የጻፈውን በዓይኑ አይቶ፣ በዓመቱ ነሐሴ 1946 በ79 ዓመቱ ለንደን ውስጥ ሞተ።

እንግዲህ ጓደኞቻችን፣ አንድ ተማሪ በመጽሔት ላይ የጣለው ያልበሰለ ታሪክ እስከ የት እንደ ደረሰ አየን። ክፉ ቃሉም አብሮት ተጓዘ። ስለዚህ ወረቀቱ ለቆሎ መጠቅለያ ቢውል አይክፋን፤ በላዩ የምናሰፍረውን አሳብ ግን ከኛ በኋላም የሚያነበው ሰው እንዳለ አውቀን እንጻፈው።