ጆን ካሳቬትስ፤ ፊት አይቶ የማይጠግበው ፊልም ሠሪ

ባለፈው ሐሙስ ማታ ሐወሊ በምትገኝ አንዲት ጠባብ ክፍል ተሰብስበን «ፌስስ»፣ ማለትም «ፊቶች» የተባለውን ጥቁርና ነጭ ፊልም አየን። ከመካከላችን ሁለቱን እንቅልፍ ወሰዳቸው፤ የቀረነው ግን ስንከራከር አመሸን። የሠሪውን ሕይወት ለመጻፍ የተነሣሣነውም ከዚያ ክርክር ነው።

ጆን ካሳቬትስ በ1929 እ.ኤ.አ. የግሪክ ዝርያ ካላቸው ወላጆች ኒውዮርክ ተወለደ። ተዋናይ ሆኖ ይሠራ ሳለ በ1957 በአንድ የሌሊት የራዲዮ ፕሮግራም ቀርቦ አድማጮች ለፊልም ማሠሪያ እንዲያዋጡለት ጠየቀ። ወደ 2,000 ዶላር ገደማ መጣለት፤ ሳይጥሉ ዕቁብ እንደ መብላት ነው። በ1959 የጨረሰው «ሻዶውስ» (ጥላዎች) የተጀመረው እንዲህ ነው። በዚህ ፊልም ሌሊያ የምትባል መልኳ ቀላ ያለ ጥቁር ልጅ ከአንድ ነጭ ወጣት ጋር ትተኛለች። ከዚያ በኋላ ጠቆር ያለው ወንድሟ ከደጅ ሲገባ የወጣቱ ፊት ይለወጣል። ስድብ አይናገርም፤ ሰበብ ፈልጎ ለመውጣት ይጣደፋል። ያን ፊት ከአገር ከወጣን ወዲህ ብዙ ጊዜ አይተነዋል፤ እውነቱን ለመናገር፣ አገራችን ሳለንም ስለ ዘር ሲጠየቅ አይተነዋል።

«ፌስስ»ን በ1965 ከሚስቱ ከጂና ሮውላንድስና ከወዳጆቹ ጋር በገዛ ቤቱ ቀረጸ፤ ማቀናበሩ ዓመታት ፈጅቶ በ1968 ወጣ። ትዳሯ የፈረሰባት ሴት ከአንድ እንግዳ ወጣት ጋር አድራ ክኒን ትውጣለች። ወጣቱ በጥፊ እየመታ፣ እየጎተተ ያነቃታል። እኛ በዎርድ ውስጥ እንዲህ ብናደርግ የምንባረር ነን! ባልዋ ሲመጣ ወጣቱ በጣራ ላይ ዘሎ ይሄዳል፤ በቃ።

በጃብሪያ በልምምድ ላይ ሳለን በሰው ቤት ለምትሠራ አንዲት እኅታችን እንድናስተረጉም ተጠርተን ነበር። ስለ ሕመሟ አምስት ደቂቃ፣ ስለ እናቷ ግማሽ ሰዓት አጫወተችን። በነጋታው አልጋው ላይ ሌላ ሰው ተኝቷል። ስሟን ከመዝገብ ላይ አንብበነዋል እንጂ አንድ ጊዜ እንኳ አልጠራናትም።

ካሳቬትስ በ1974 የሠራውን «ኤ ውማን አንደር ዘ ኢንፍሉዌንስ» የሚያከፋፍልለት ኩባንያ አጥቶ ራሱ ከባልደረቦቹ ጋር ለሲኒማ ቤቶች አዳረሰው። መጠጡ ግን ጉበቱን ጎድቶት ነበር። በ1984 የወጣውን «ላቭ ስትሪምስ» በዚያው በቤቱ ቀረጸ። ፌብሩዋሪ 3 ቀን 1989 በ59 ዓመቱ በሲሮሲስ ሞተ።

«ላቭ ስትሪምስ»ን በሚቀጥለው ሐሙስ እናያለን፤ እንቅልፍ የወሰዳቸው ሁለቱ ጓደኞቻችን ቡና ጠጥተው ይምጡ።