ከደብሊን እስከ ጉና፦ የአንቷን ዳባዲ ሕይወትና ልኬታ

ከአንበሳሜ ተነሥቶ በእስቴ በኩል ወደ ምሥራቅ የሚጓዝ መንገደኛ ከፊቱ የሚገጥመው የጉና ተራራ ነው። ከ4,100 ሜትር በላይ ከፍታ ያለው ጉና የርብና የጉማራ ወንዞች መነሻ በመሆኑ ለአገሬው ገበሬ የውኃ ምንጭ፣ ለእረኛው የግጦሽ ቦታ ነው። ለቀያሽ ግን ሌላ ጥቅም አለው፤ ከሩቅ ስለሚታይ ማዕዘን ለመለካት የተመቸ ምልክት ነው። ከአንድ መቶ ሰባ አምስት ዓመት በላይ በፊት ይህን ተራራና በዙሪያው ያሉትን ከፍታዎች በቴዎዶላይት እያነጣጠረ በመዝገቡ ያሰፈረ አንድ የውጭ አገር ሰው ነበረ። ስሙ አንቷን ዳባዲ ይባላል። የሙያ ባልደረቦቻችን ሊያውቁት የሚገባ ሰው ስለ ሆነ ሕይወቱን በአጭሩ እናወሳለን። ዓመተ ምሕረቱ ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ነው።

ዳባዲ ጥር 3 ቀን 1810 በአየርላንድ ዋና ከተማ በደብሊን ተወለደ። አባቱ የፈረንሳይን አብዮት ሸሽቶ ወደዚያ የተሰደደ የባስክ ተወላጅ ሲሆን እናቱ አየርላንዳዊት ነበረች። ታናሽ ወንድሙ አርኖም በ1815 በዚያው ከተማ ተወለደ። አየርላንድ ከ1801 ጀምሮ ከብሪታንያ ጋር በአንድ ፓርላማ ሥር ተዋሕዳ ስለ ነበረ፣ ልጆቹ የተወለዱት በብሪታንያ ዘውድ ግዛት ውስጥ ነው። ቤተሰቡ ግን በልጅነታቸው ወደ ፈረንሳይ ተመለሰ። ስለዚህ አንቷን በእናቱ አየርላንዳዊ፣ በአባቱ ባስክ፣ በትምህርቱና በዜግነቱ ፈረንሳዊ ሆኖ አደገ።

በኛ አገር ከእነዚያ ሁለት ደሴቶች የመጣ ሰው ሁሉ እንግሊዝ በሚል አንድ ስም መጠራቱ የተለመደ ነው። ነገር ግን ደሴቶቹ የጋራ ታሪክ ያላቸው፣ ሆኖም ልዩ ልዩ ሕዝቦች የሚኖሩባቸው ናቸው። በ1868 ወደ መቅደላ ከዘመተው ጦር ውስጥ የ33ኛው ክፍለ ጦር ወታደሮች ብዙዎቹ አየርላንዳውያን ነበሩ፤ ወደ አምባው ቀድመው ገብተው የቪክቶሪያን መስቀል የተሸለሙት ማይክል ማግነርና ጄምስ በርጊንም ሁለቱም የአየርላንድ ልጆች ናቸው። ዳባዲዎቹ በአገራችን በነበሩበት ዘመን ደግሞ እንግሊዛውያኑ ጆን ቤልና ዋልተር ፕላውዴን በራስ ዓሊ ዘንድ ነበሩ። ፕላውዴን ቆንስል ሆኖ በ1849 ከራስ ዓሊ ጋር የወዳጅነትና የንግድ ውል ተፈራርሟል።

ወንድማማቾቹ ምጽዋ የደረሱት በየካቲት 1838 ነው። ያ ጊዜ ዘመነ መሳፍንት ነበረ፤ ንጉሠ ነገሥቱ በጎንደር በስም ብቻ ሲቀመጡ፣ ሥልጣኑ በደብረ ታቦር በተቀመጡት በራስ ዓሊ እጅ ነበረ። በ1842 ራስ ዓሊና ደጃዝማች ውቤ በደብረ ታቦር ተዋግተው፣ ውቤ ድል አደረግሁ ብለው በደስታ ላይ ሳሉ መማረካቸው የታወቀ ነው። መንገድ ባልተጠበቀበት፣ ገዢዎች በየጊዜው በሚለዋወጡበት በዚህ ዘመን የመለኪያ መሣሪያ ይዞ መዞር ቀላል ነገር አልነበረም። አርኖ ከጎጃሙ ገዢ ከደጃዝማች ጎሹ ጋር ተወዳጅቶ ከሠራዊቱ ጋር ሲኖር፣ አንቷን ጎንደር እንደ ደረሰ መሣሪያው እንደማይበቃው ተረድቶ ወደ አውሮፓ ተመለሰ፤ የተሻለ ዕቃ ይዞም በ1840 እንደ ገና መጣ። በመካከሉ ከባድ የዓይን ሕመም አግኝቶት ነበር። ዓይኑን ለሥራው መሠረት ላደረገ ሰው ይህ እንዴት ያለ ፈተና እንደ ሆነ ባልደረቦቻችን ይረዱታል።

የሥራው ዘዴ ለኛ ልዩ ትኩረት የሚገባው ነው። በመደበኛው የሦስት ማዕዘን ልኬታ መጀመሪያ አንድ መነሻ መስመር በመሬት ላይ በጥንቃቄ ይለካል። ዳባዲ ግን ለዚህ ጊዜም ሰላምም አልነበረውም። ስለዚህ ከተራራ ጫፍ ላይ ሆኖ የሌሎቹን ተራሮች የአቅጣጫና የከፍታ ማዕዘን ይለካል፤ የቦታውን ኬክሮስ ከከዋክብት ያገኛል፤ የመነሻውንም መስመር ርዝመት ከኬክሮሶቹ ልዩነት በስሌት ያወጣል። ከፍታን ደግሞ ውኃ በሚፈላበት የሙቀት መጠን ይመረምር ነበር። በዚህ አኳኋን ከምጽዋ እስከ ከፋ ድረስ ከ800 በላይ የሚሆኑ ቦታዎችን አስቀመጠ።

በ1843 ወደ ሊሙ እናርያ ወርዶ በንጉሡ በአባ ባጊቦ ዘንድ ከቆየ በኋላ፣ ለንጉሡ ሙሽራ ሊያመጡ ከሄዱት መልእክተኞች ጋር ከፋ ገባ። ጥር 19 ቀን 1846 ደግሞ ከወንድሙ ጋር ከጊቤ ምንጭ ደረሰና የነጭ ዓባይን መነሻ አገኘሁ ብሎ የፈረንሳይን ባንዲራ ተከለ። የደብሊን ልጅ በጊቤ ምንጭ ላይ የፈረንሳይን ባንዲራ ሲተክል፣ የእናቱ አገር በድንች በሽታ ምክንያት አንድ ሚሊዮን ያህል ሰው በፈጀው ታላቅ ረኃብ ውስጥ ነበረች።

ወደ አውሮፓ ከተመለሰ በኋላ ግን ስሙ አደጋ ላይ ወደቀ። በጎጃም የተዘዋወረው እንግሊዛዊው ቻርልስ ቢክ፣ ዳባዲ የዓባይን ምንጭ አለማግኘቱን ብቻ ሳይሆን ከፋ ስለ መግባቱም ጥርጣሬውን በጽሑፍ አሰራጨ። የፓሪስ ጂኦግራፊ ማኅበር በ1850 ለሁለቱ ወንድማማቾች የወርቅ ሜዳይ በሰጠ ጊዜ፣ ቢክ ቀደም ሲል የተሸለመውን የራሱን ሜዳይ በተቃውሞ መለሰ።

በክርክሩ ሁለቱም ወገኖች ከፊል እውነት ይዘው ነበር። ስለ ዓባይ ዳባዲ ተሳስቷል፤ ጊቤ ወደ ኦሞ፣ ኦሞም ወደ ቱርካና ሐይቅ ይፈሳል እንጂ ከዓባይ ጋር አይገናኝም። ይህም በ1896 በኢጣሊያዊው በቦቴጎ ጉዞ ተረጋገጠ። ስለ ጉዞው ግን ሐሰተኛ አልነበረም። ዳባዲ ስሙን ያዳነው በክርክር ብዛት አይደለም። ከሮዶልፍ ራዶ ጋር ከ1860 እስከ 1873 ባሳተመው የኢትዮጵያ ልኬታ መጽሐፍ፣ የመጨረሻውን ውጤት ብቻ ሳይሆን በየቦታው ያነበበውን ማዕዘን ጭምር ለሕዝብ አቀረበ። ማንም አዋቂ ስሌቱን እንደ ገና ሊሠራው፣ ስሕተትም ቢኖር ሊያርመው ይችላል። ስለ ወንዞቹ የሰጠው አስተያየት ሲወድቅ ልኬታው ግን ጸንቶ ቀረ።

ሌላው ሥራውም ትንሽ አይደለም። የሰበሰባቸው የብራና መጻሕፍት በ1859 ባሳተመው ዝርዝር ውስጥ 234 ሲሆኑ፣ ዛሬ በፈረንሳይ ብሔራዊ ቤተ መጻሕፍት ይገኛሉ። በ1881 15,000 ያህል ቃላት የያዘ የአማርኛ መዝገበ ቃላት አወጣ። በ1892 የፈረንሳይ ሳይንስ አካዳሚ ፕሬዚዳንት ሆነ። መጋቢት 19 ቀን 1897 በፓሪስ ሞተ።

በስፔን ድንበር አጠገብ በአንዳይ ያሠራው ቤት የሕይወቱ ማኅደር ሆኖ ቆሟል። በመግቢያው ላይ እንግዳን በመቶ ሺህ ሰላምታ የሚቀበል የአየርላንድ ቋንቋ ጽሑፍ አለ፤ በውስጡ የአማርኛ ጽሑፍና የኢትዮጵያ ኑሮ ሥዕል ይታያል። ብርሃን በአየር ውስጥ የሚሰበርበትን መጠን ለመመርመር በቤቱ ግድግዳዎች ላይ ወደ ሩቅ ተራራ የሚያሳይ ቀዳዳ አስበስቶ ነበር። ምርመራው ሳይሳካ ሲቀር ቀዳዳውን አላስደፈነም፤ ምንም እንዳልታየና ምንም ትምህርት እንዳልተገኘ በባስክ ቋንቋ አስጻፈበት።

በአገራችን ከ1950ዎቹ መጨረሻ ጀምሮ በዓባይ ሸለቆ የተካሄደው ዘመናዊ ልኬታ ትክክለኛነቱ ከዳባዲ እጅግ የላቀ ነው። ዛሬም ከሰማይ ሳተላይት ቦታን የሚነግር መሣሪያ በእጃችን ይዘን ጉና ላይ እንወጣለን። መሣሪያው ቢለወጥም ግዴታው አልተለወጠም። ውጤቱን ብቻ ሳይሆን ውጤቱ የተገኘበትን ንባብ መዝግቦ የሚያስረክብ ቀያሽ፣ ቢሳሳት እንኳ ተከታዩ ሥራውን ከመጀመሪያው እንዲጀምር አያስገድደውም።