የእቴጌ ጣይቱ ብጡል ትዳር፦ ሥልጣንና ቃል ኪዳን

ከሰሜን መሳፍንት የሚወለዱት ጣይቱ ብጡል፣ ንጉሥ ምኒልክን ከማግባታቸው በፊት በሌሎች ትዳሮች አልፈዋል። ምኒልክም ከወይዘሮ ባፈና ጋር ለረጅም ዓመታት ኖረው ተለያይተው ነበር። ሁለቱ በ1875 ዓ.ም. ከዛሬዋ ጎረቤላ አቅራቢያ፣ በአንኮበር መድኃኔዓለም ቤተ ክርስቲያን፣ እንደ ሰማንያ በቀላሉ በማይፈርሰው የቁርባን ሥርዓት ተጋቡ። ሸዋን ከሰሜኑ መኳንንት ያስተሳሰረ በመሆኑ ጋብቻው የፖለቲካ ውል ብቻ ተደርጎ ሊታይ ይችላል፤ የኋላው ታሪክ ግን ለዚህ አተረጓጎም አይመችም። ልጅ አልወለዱም፤ ይሁን እንጂ አልጋ ወራሽ የሚሻው ንጉሥ ሌላ ሚስት አላገባም። ጣይቱ አዲስ አበባን ሰየሙ፤ በ1888 ዓ.ም. ከባላቸው ጋር ዓድዋ ዘመቱ። ምኒልክ በታመሙ ጊዜ ሥልጣናቸው መኳንንቱን ስላሠጋ፣ በ1902 ዓ.ም. ከመንግሥት ሥራ ተገልለው ባላቸውን በማስታመም እንዲወሰኑ ተደረገ። ውሳኔው ሳያስበው ፖለቲካውን ከትዳሩ ለየ፤ ሥልጣኑ ሲወሰድ የአንኮበሩ ቃል ኪዳን ቀረ። ምኒልክ በ1906 ዓ.ም. እስኪያርፉ አስታመሟቸው። ራሳቸው በ1910 ዓ.ም. እንጦጦ ላይ ዐረፉ፤ ዐፅማቸውም ዛሬ በታዕካ ነገሥት በዓታ ከባላቸው አጠገብ ይገኛል።